«ተቀበይ» ያሉኝ እናት

የጠጅ ቤት ዘፋኝ ነበርኩ። ወንድሜ ማሲንቆ ይመታል፣ እኔ አዜማለሁ። ናዝሬት ገበያው ጀርባ የነበረው ቤታችን ቅዳሜ ከሰዓት ከወንጂ በሚመጡ አገዳ ቆራጮችና በከተማው ባለጋሪዎች ይሞላል። ደንበኛ «ተቀበይ!» ብሎ ግጥም ከሰጠኝ በዜማ መልሼ እለዋለሁ። ሰጪው ማን ነው፣ ምን ይላል ብዬ አልመርጥም፤ የሙያው ደንብ ነው።

ጎረቤቴ የነበሩት ሴትዮ ሰላምታዬን እንኳ አይመልሱም ነበር። መንገድ ላይ ሲያዩኝ ነጠላቸውን ሰብስበው ይሻገራሉ። እውነቱን ልናገርና እኔም አልወዳቸውም።

በዚያ ክፉ የቀይ ሽብር ዘመን አብዮት ጠባቂዎች አንድ ልጃቸውን ገደሉባቸው። ይባስ ብሎ ቀበሌው ለቅሶ ከለከለ። ድንኳን አይተከልም፣ ጎረቤት አይገባም፣ ድምፅ አይሰማም ተባለ። ሴትዮዋ አፋቸውን በነጠላ አፍነው ግቢያቸው ውስጥ ሲንጎራደዱ በአጥሩ ቀዳዳ አየኋቸው።

ቅዳሜ ሴትዮዋ እኛ ጠጅ ቤት ገቡ። ጥግ ላይ ሁለት አብዮት ጠባቂዎች ጠመንጃቸውን ግድግዳ አስደግፈው ይጠጣሉ። ሴትዮዋ አግዳሚው ላይ ተቀመጡና ዓይን ዓይኔን እያዩ «ተቀበይ» አሉኝ።

«ያጠብኩለት ሸሚዝ ከገመድ ላይ ደርቋል፤
ማን ይልበሰው አሁን፣ ባለቤቱ ርቋል።»

ተቀበልኩ፤ በሙሾ ዜማ፣ ቀስ ብዬ እየጎተትኩ። ደግሜ ስለው ሴትዮዋ ያን ሁሉ ቀን ያፈኑትን ለቅሶ ለቀቁት።

አንደኛው ጠባቂ ብድግ አለ። «ለቅሶ መከልከሉን አታውቂም?»

«ዘፈን አልተከለከለም» አልኩት። «ደንበኛ ሰጠኝ፣ ተቀበልኩ። እንጀራዬ ነው።»

ማሲንቆውን ከወንድሜ እጅ ነጥቆ በጉልበቱ ሰበረው። ይሄኔ እልሄ መጣ። እያጨበጨብኩ ቀጠልኩ። አንድ አገዳ ቆራጭ በኦሮምኛ «ጀባዱ! በርቺ!» ብሎ አጨበጨበልኝ፤ ወዲያው ቤቱ ሁሉ ተከተለው።

ጠባቂዎቹ ጠመንጃቸውን አንስተው «ውጡ!» አሉ። ሰው ወጣ፤ ግን እያንዳንዱ መጀመሪያ ሴትዮዋ ፊት ጎንበስ ብሎ «እግዜር ያጥናዎት» እያለ ነው። ወንድሜም የተሰበረውን ማሲንቆ ታቅፎ እንደዚያው አደረገ።

የመጨረሻዋ እኔ ነበርኩ። ጎንበስ ስል እጄን ያዙኝና አግዳሚው ላይ ጠጋ አሉልኝ።

«ለቅሶ ደርሰሽኝ ቆመሽ ልትሄጂ ነው? ቁጭ በይ እንጂ ልጄ።»

አጠገባቸው ተቀመጥኩ። ጠባቂው ከበሩ ላይ «አንቺስ!» ብሎ ጮኸብኝ።

አልተነሳሁም።