የተቀበረው እንግዴ ልጅ

የመጀመሪያ ልጄን የወለድኩት አሰብ፣ ቤቴ ውስጥ ነው። ባለቤቴ ወደብ ላይ ጸሐፊ ነበር። ሊያርሱኝ እናቱ ከወሎ መጥተው ነበር፤ በአገራቸው ብዙ ሴት ያዋለዱ፣ ሰላታቸውን የማያሳልፉ ሰው ናቸው። ምጥ ከንጋቱ የሱብሂ ሰላት በኋላ ጀመረኝ፤ ረፋዱ ላይ ሴት ልጅ ተገላገልኩ። እንግዴ ልጁም ብዙ ሳይቆይ ወጣ። አማቴ ውሻ እንዳያገኘው ብለው ወዲያው በጨርቅ ጠቅልለው ደጃፋችን ላይ ቀበሩት። እኔም አልሐምዱሊላህ ብዬ ዐይኔን ጨፈንኩ።

ቀትር ላይ ከተማው ሁሉ ከሙቀቱ ሸሽቶ ሲተኛ እኔ በረደኝ። አሰብ ላይ፣ በዚያ ሰዓት ብርድ! ብርድ ልብሱን ስገልጥ ፍራሹ እስከ ጉልበቴ ድረስ በደም ርሷል።

«የአራስ ደም ነው ልጄ፣ ይወርዳል» አሉ አማቴ። ጨርቁን ቀየሩልኝ። ወዲያው ራሰ። እንደገና ቀየሩ። ሦስተኛውን ሲቀይሩ እጃቸው ተጣደፈ።

ባለቤቴ ለምሳ መጥቶ ስለነበር ሮጦ ጎረቤታችን የሆነችውን ነርስ ቀሰቀሳት። በቤት ቀሚሷ መጣች። ሆዴን ስትጫነው ጮህኩ።

«እንግዴ ልጁ የታለ?»

«ተቀብሯል» አሉ አማቴ።

«ሙሉ ነበር?»

«እንዴታ! ስንቱን ያዋለድኩ ሰው ነኝ እኮ!»

«እንግዲያው ያሳዩኝ፣ እማማ።»

«አብደሻል? የተቀበረ ይወጣል? ለልጅቱስ ደግ ነው?»

«ካላሳዩኝ አሁኑኑ ሆስፒታል ትሂድ። ውስጧ የቀረ ነገር ያለ ይመስለኛል።»

«አራስ በወለደች በቀኗ ደጅ አትወጣም! ሰው ምን ይላል?»

«ሰው ነገ ጀናዛ ሲሸከም ይላል። ዛሬማ ተኝቷል።»

ባለቤቴ በሩ ላይ ቆሞ አንዴ እናቱን፣ አንዴ እኔን ያያል። በዕድሜው እናቱን እምቢ ብሎ አያውቅም። እኔ መናገር አቅቶኛል። እንደሚሞት ሰው ሸሀዳዬን በልቤ ያዝኩ፤ ልጄን ማን ያጠባታል እያልኩ ነበር። በመጨረሻ ባለቤቴ አካፋ አነሣ። እናቱ ከእጁ ነጠቁት።

«እኔ ቀብሬዋለሁ፣ እኔ አወጣዋለሁ» አሉ።

መሬቱ አሸዋ ስለሆነ አልቆዩም። ነርሷ በሳህን ውሃ አጠበችው፤ መዳፏ ላይ ዘረጋችና ጠርዝ ጠርዙን በጣቷ ተከተለችው። አንድ ቦታ ላይ ጣቷ ቆመ።

«ይዩ፣ እማማ። እዚህ ጋ ተገንጥሏል። የጎደለው እሷ ውስጥ ነው።»

አማቴ አጎንብሰው አዩ። እኔ የእሳቸውን ፊት አየሁ። እንደዚያ የደነገጠ ሰው ከዚያ ወዲህ አላየሁም። ቀና ሲሉ ልጃቸው ላይ ጮኹ፦

«ታክሲ አምጣ እንጂ! ምን ትገተራለህ!»

ሆስፒታል ሐኪሙ እጁን አስገብቶ የቀረውን አወጣው። ስለ ሕመሙ አልጽፍም። ቁራጯ ከተምር ፍሬ አትበልጥም ነበር፤ አብራን የመጣችው ነርስ ናት የነገረችኝ። ያቺን የምታክል ነገር ነፍሴን ይዛት ልትሄድ ነበር።

በማግስቱ አማቴ አልጋዬ አጠገብ ተቀመጡ።

«አውፍ በይኝ፣ ይቅር በይኝ» አሉኝ።

«ቆፍረው ያወጡት እርስዎ አይደሉ እንዴ፣ እማዬ?»

አይደለም በሚል ራሳቸውን ነቀነቁ። «አገር ቤት አንዲት ሴት ነበረች። እኔው ነኝ ያዋለድኳት። እንዳንቺው በረደኝ፣ በረደኝ አለች። ቀኗ ደርሶ ነው ብለን ቀበርናት። እንግዴ ልጁ ሙሉ ይሁን አይሁን አላየሁም።»

እጃቸውን ያዝኩ። ትተውኝ ሲወጡ፣ በሕይወት ላኖረኝ ጌታ ምስጋና ላደርስ እጄን ዘረጋሁ። በመጀመሪያ ከአፌ የወጣው ግን ለዚያች ለማላውቃት ሴት ዱዓ ነበር።