የጸጋ ዓይንና የእናቷ ምስክርነት

ጸጋ ዋቅቶላ መነጽሯን ካወለቀች ሰውን በድምፁ እንጂ በመልኩ የማትለይ ልጅ ነበረች። የካ ዳገቱ ላይ ካለው ቤታቸው በጠዋት ወርዳ ላምበረት መናኸሪያ ትኬት ትቆርጣለች። ክረምት ሲሆን መነጽሩን ጉም ይሸፍነዋል፤ በጋ ሲሆን አቧራ። በዚያ ላይ የባቡሩ ሥራ መገናኛን አፈር ድሜ ያስጋጠበት ዘመን ነበር! «የደሴ ነው ያልኩሽ፣ የደብረ ብርሃን ቆረጥሽልኝ፤ ዓይንሽ የት ሄዷል?» እያለ ተሳፋሪው ሲጮህባት ውሎ፣ ማታ ስንቴ አልቅሳ ገብታለች።

ለዚህ ነው የዕቁቧ ዕጣ ሲወጣላት ለማንም ሳትተነፍስ አንድ የግል ዓይን ክሊኒክ ሄዳ ዓይኗን በሌዘር የታከመችው። ለእናቷ ለወይዘሮ አባይነሽ «ለሥራ ስልጠና አዳማ ልሄድ ነው» ብላ ጓደኛዋ ቤት አደረች። ምን ታድርግ? እውነቱን ብትናገር «ዓይንሽን በእሳት ልታስነኪ!» ብለው መንደሩን በአንድ እግሩ ያቆሙታል። ድና ስትመለስ ቀስ ብላ ልታስረዳቸው ነበር ሐሳቧ።

ሐኪሙ ሲያሰናብታት ቀልድ አልነበረበትም። «ስሚኝ» አላት። «ከዓይንሽ ላይ የተገለጠችው ስስ ሽፋን ተመልሳ ተቀምጣለች እንጂ ገና አልጠነከረችም። ብታሺያት ትንሸራተታለች። ጠብታውን በሰዓቱ ታደርጊያለሽ። ኩል፣ ማስካራ ምናምን ለጊዜው የለም። ሽፋሽፍት ማስቀጠል ደግሞ እኔ አይቼ እሺ እስክልሽ ድረስ እንዳታስቢው፤ የሙጫው ትነት ብቻውን ዓይንሽን ያቃጥለዋል። ጀርም ከገባበት ደግሞ ሌላ ጣጣ ነው።»

«እሺ ዶክተር፣ ሽፋሽፍት የኔ ነገር አይደለም» ብላ ሳቀች። የዋህ!

ቤት ስትደርስ እናቷ በረንዳ ላይ ምስር ይለቅማሉ። ጸጋ በበሩ እንደገባች ወዲያ ማዶ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ቀን መቁጠሪያ አየት አድርጋ «ዛሬ አሥራ ስድስት ነው እንዴ?» አለች። አፏን በቆረጠው! ወይዘሮ አባይነሽ ቀና ብለው የልጃቸውን መነጽር የሌለበት ፊት አዩ፤ ደግሞ ዞረው ቀን መቁጠሪያውን አዩ። ለካ ሳምንቱን ሙሉ ስለዚህች ልጅ ዓይን ጾም ይዘው ሰንብተዋል። ምስሩን በትነው ተንበረከኩ። «ኢየሱስ ጌታ ነው! ኢየሱስ ጌታ ነው!»

«እማዬ፣ ቆይ ስሚኝማ…»

ማን ይስማት? ጎረቤት ተሰበሰበ፣ እልልታው ቀለጠ። እሁድ ደግሞ እናትና ልጅ በጸሎት ቤታቸው አዳራሽ ከጉባኤው ፊት ቆሙ። እስቲ አስቡት፤ ወይዘሮ አባይነሽ ማለት ዕድሜያቸውን ሙሉ የዚያን አዳራሽ ወንበር ሲደረድሩ፣ ወለሉን ሲጠርጉ የኖሩ ሴት ናቸው። አንድም ቀን ማይክ ጨብጠው አያውቁም። ያን ቀን የልጃቸውን መነጽር ከፍ አድርገው ይዘው ሲመሰክሩ አዳራሹ በእልልታ ተናጋ። ጸጋ ከጎናቸው ቆማ እንባዋ ይወርዳል። ጠብታዋን የምታደርግበት ሰዓት አልፎባት ዓይኗ እየቆጠቆጣት ነበር፤ ሰዉ ግን የደስታ እንባ ነው አለ። ያኔ መናገር ነበረባት። የእናቷን ፊት አየች፤ እንዲያ ሲበራ አይታው አታውቅም። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው፤ ካልወጣም ሆድ ይፈጃል።

ከዚያ ወዲህ ጠብታዋን የምታደርገው መናኸሪያው ሽንት ቤት ውስጥ ተደብቃ ሆነ።

ነገሩ በዚህ ቢያበቃ ምን ነበረበት። የታላቅ እህቷ የርሆቦት ሠርግ ደረሰ፤ ጸጋ አንደኛ ሚዜ ናት። ርሆቦት ሚዜዎቿ በሙሉ ሽፋሽፍት እንዲቀጠልላቸው ወሰነች። ጸጋ «ራሴን አሞኛል» ብትል፣ «ፊቴ አይስማማውም» ብትል ማን ሰምቷት! ጉድ የሚባለው ደግሞ፣ ድሮ ኩል የተኳለች ልጅ ሲያዩ የሚቆጡት ወይዘሮ አባይነሽ ራሳቸው ተነሥተው «ጌታ የሰጠሽን ዓይን ምን ያስደብቅሻል? አጊጠሽ ሰው ይየው እንጂ!» አሏት።

ሠርጉ ቅዳሜ ነው። ዓርብ ጠዋት ሲግናል ሰፈር፣ አንድ ፎቅ ላይ ካለች ጠባብ የውበት ክፍል ገቡ። የክፍሏ ባለቤት ሀናን የምትባል እጇ የረጋ ልጅ ናት። ሌሎቹ ሚዜዎች ትናንት ጨርሰዋል፤ የቀረችው ጸጋ ናት። እንዳታመልጥ ይመስል እናቷ አብረዋት መጥተዋል፤ ከእሳቸው የማይለዩት የጸሎት ጓደኛቸው ወይዘሮ ጥሩብርሃንም አሉ። ሁለቱ እናቶች ሶፋው ላይ ተቀመጡ፤ ጸጋ አልጋው ላይ ተጋደመች።

«ሁሉንም ነው የምጠይቀው፣ እንዳትቀየሚኝ» አለች ሀናን ጓንቷን እያጠለቀች። «ዓይንሽን ታክመሽ ታውቂያለሽ? ኦፕሬሽን፣ ሌዘር ምናምን?»

ጸጋ አፏን ከፈተች። ከሶፋው የእናቷ ድምፅ ቀደማት።

«ሐኪም ነው የምትይው ልጄ? የእሷ ሐኪም ላይ ነው ያለው!» ብለው ያንኑ ምስክርነት ከጾሙ ጀምረው ተረኩላት። ሀናን «ማሻአላህ» አለችና ወደ ጸጋ ጎንበስ አለች። «እና ምንም የለም አይደል?»

«ምንም» አለች ጸጋ።

ሀናን የታችኛውን ሽፋሽፍት በፕላስተር ያዘችው። ዓይኗን አስጨፍና የላይኛውን በትንሽዬ ብሩሽ ማጽዳት ጀመረች። ብሩሹ በነካት ቁጥር የጸጋ ጥርስ ይነካከሳል። ያቺ ስስ ሽፋን አሁን ትንሸራተት ይሆን? አሁን? የሙጫው ጠርሙስ ሲናጥ ሰማች፤ ሽታው አፍንጫዋ ደረሰ። ከተጨፈነው ዓይኗ ጥግ ትኩስ እንባ ወጣ።

«ኧረ ዓይንሽ ለምን ያነባል? አታርገብግቢ» አለች ሀናን በሶፍት እየጠረገች። «ስንጨርስ ደግሞ ሁለት ቀን ሙሉ ውሃ የሚባል ነገር እንዳይነካው፤ አደራ። ሙጫው ይለቃል።»

ሁለት ቀን! ጠብታውስ? ተነሥታ ብትናገር እናቷን በጉባኤው ሁሉ ፊት ልታዋርዳቸው ነው፤ ዝም ብትል ደግሞ ዓይኗ ነው። ሀናን ወረንጦዋን አነሣች። ከሶፋው ወይዘሮ ጥሩብርሃን ወሬያቸውን ቀጥለዋል።

«እኔንስ ያበረታኝ የጸጋ ነገር አይደል?» ይላሉ። «ያንን የዓይን ግፊት ጠብታዬን፣ ያን እሁድ ቤቴ እንደገባሁ ወስጄ ቆሻሻ ውስጥ ጣልኩት። እሷን ያየ ጌታ እኔን ይረሳኛል?»

«አሜን!» አሉ ወይዘሮ አባይነሽ።

«እትዬ ጥሩብርሃን» አለች ጸጋ እንደተጋደመች። «አሁን ዓይንዎ እንዴት ነው?»

«እህ… ግራው ጭጋግ ብጤ አለበት። ሰሞኑን ብሶበታል። ፈተና ነው፣ ያልፋል። ለሰው አልተናገርኩም፤ እምነቷ አንሶ ነው ይሉኛል ብዬ።»

ሀናን የመጀመሪያዋን ፀጉር ሙጫ ውስጥ ነክራ ወደ ዓይኗ ስታስጠጋ ጸጋ እጇን ለቀም አደረገች። «ተዪው! ሀናን፣ እንዳትነኪኝ!» ፕላስተሩን ራሷ ላጠችውና ተነሥታ ተቀመጠች። «ታክሜያለሁ። በሌዘር ነው የታከምኩት። አዳማ አልሄድኩም፤ ክሊኒክ ነበርኩ። እትዬ ጥሩብርሃን፣ ይስሙኝ፤ እኔ ሐኪም ነው ያዳነኝ፤ እስካሁንም ጠብታ እያደረግኩ ነው፤ ይኸው!» ከጡት መያዣዋ ውስጥ ጠርሙሱን አውጥታ አሳየቻቸው።

መጀመሪያ የጮኸችው ሀናን ናት። «ያ አላህ! ጠይቄሽ ነበር እኮ! ዓይንሽን አጥፍቼው ቢሆንስ እኔ የት እገባ ነበር?» ወረንጦውን ጠረጴዛው ላይ ወረወረችው። እውነቷን ነው፤ ማንም ቢሆን ይቆጣል።

ወይዘሮ አባይነሽ ግን ነጠላቸውን ሁለቴ አጣፉ፣ መልሰው ዘረጉ።

«ዋሸሽኝ?» አሉ በመጨረሻ።

«አዳማ ያልኩት ውሸት ነው እማዬ። ስለ ምስክርነቱ ግን ዝም አልኩ እንጂ አልዋሸሁም።»

«ይሄ ይሻላል?»

ወይዘሮ ጥሩብርሃን ግራ እጃቸውን ከፊታቸው አንሥተው ያወዛውዛሉ፤ ቀኝ ዓይናቸውን ይሸፍናሉ፣ ይገልጣሉ።

በዚያው ዕለት ጸጋና ሁለቱ እናቶች ክሊኒክ ገቡ። ሐኪሙ የጸጋን ዓይን አይቶ «ደህና ነሽ፤ ሙጫው ቢነካው ኖሮ ግን አሁን ሌላ ነገር ነበር የምናወራው» አላት። ወይዘሮ ጥሩብርሃንን ሲመረምር ቆየ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነገራቸው፤ ግፊቱ በጣም ጨምሯል፤ የግራው ዓይን ብርሃን አብዛኛው ሄዷል፤ የሄደው አይመለስም፤ የቀረውን ለማትረፍ ግን ጠብታው ከዚህች ደቂቃ ጀምሮ መቋረጥ የለበትም። «ምነው አቆሙት እናቴ?» አላቸው። ወይዘሮ አባይነሽ በሩ ሥር ቆመው ሁሉንም ሰምተዋል።

ቅዳሜ ሠርጉ ተሠረገ። ጸጋ ዓይኗን ሳትኳል፣ ሽፋሽፍቷ እንደተፈጠረ፣ ከነዚያ ካጌጡት ሚዜዎች መካከል ቆመች። ርሆቦት ተኮሳትራለች፤ ፎቶ አንሺው «ይቺ ሚዜ ምነው አልተሠራችም?» ይላል። ይሁን። የከፋው የእናቷ ነገር ነው። ከዓርብ ጀምሮ አንዲት ቃል አልተነፈሱላትም። ሳህን ሲያቀብሏት እንኳ ፊታቸውን ያዞራሉ።

እሁድ ጸጋ አዳራሽ ገባች። ሌሊቱን የምትለውን ስታዘጋጅ ነው ያደረችው። የምስክርነት ሰዓት ሲደርስ ብድግ አለች። አንድ እጅ ቀሚሷን ይዞ ወደ ታች ሳባት።

«ቁጭ በይ» አሉ እናቷ።

ራሳቸው ተነሥተው ወደ ፊት ሄዱ። ማይኩን ሲቀበሉ ሰዉ ሌላ ተአምር ሊሰማ ነው፤ ገና ሳይጀምሩ እልልታ ተነሣ። እጃቸውን አንሥተው አስቆሙት።

«እልል አትበሉ» አሉ። «ልጄ ሐኪም ቤት ሄዳ ነው የዳነችው። እሷ አልላከችኝም፤ ምንም ሳልጠይቃት ሮጬ እዚህ የቆምኩት እኔ ነኝ። ጌታ ያላለውን አለ አልኩበት። የእህቴ የጥሩብርሃን ግራ ዓይን በእኔ አፍ ነው የጠፋው። እኔን ሰምታችሁ መድኃኒት ያቆማችሁ ሌሎች ካላችሁ፣ በጌታ ስም እለምናችኋለሁ፣ ዛሬ ቤታችሁ ስትገቡ ጀምሩ።»

አሜን ያለ ሰው አልነበረም። ጸጋ አንገቷን ደፍታ ጣቶቿን ትቆለምማለች።

ከመሃል አንድ ወንበር ተንቋቋ። የሰንበት ትምህርት አስተማሪው አካሉ ነው፤ ወጣት፣ የስኳር በሽተኛ። ብድግ ብሎ ቆመ። ከግራ በኩል አንዲት ልጅ ያዘለች እናት ቀስ ብላ ተነሣች። ከኋላ ደግሞ አንድ አዛውንት በከዘራቸው ተደግፈው ቆሙ።

ወይዘሮ አባይነሽ ማይኩን ሁለት እጃቸው ውስጥ ጨምድደው የቆሙትን አንድ በአንድ ተመለከቱ።

«አንተም መድኃኒት አቁመሃል፣ አካሉ?» አሉ።

«እኔም፣ እማማ» አለ።