የወንድሜ ዜማ በሙሴ ፊልም

ባለፈው ሐሙስ ከልጄ ከሩት ጋር ከቡርንስቪል ወደ ሴንት ፖል ድራይቭ ሳደርግ፣ ሬዲዮው የአንድ ፈረንሳዊ የፊልም ሙዚቃ ደራሲን ሞት ተናገረ። ጋዜጠኛዋ፣ ሟቹ ዝነኛውን ዜማውን ያገኘው በተወለደበት መንደር ካለ ወንዝ ነው ብላ ዜማውን ለቀቀችው። መሪውን ጨብጬ ቀረሁ። ዜማው የወንድሜ የመስፍን ነው።

ሰውየውን ያወቅሁት ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ሳለሁ፣ እኔና እናቴ ከሱዳን ወደ አሜሪካ መጥተን ብሩክሊን ሴንተር በተከራየንበት ዘመን ነው። ሆም ኬር፣ ሕመምተኛን ቤቱ ሄዶ መርዳት፣ ተቀጠርኩና ቀጣሪዎቼ ሴንት ፖል ወዳለው ቤቱ ላኩኝ። አሜሪካዊት ሚስቱን ተከትሎ መጥቶ፣ እሷ ስትሞት ብቻውን ቀርቷል፤ ከደረጃ ወድቆም እግሩ ተሰብሯል። በፈረንሳይኛ አቶ እንደማለት፣ ሙሴ እያልኩ አንቱ እለው ነበር። ዛሬ አንቱታው ከአፌ አይወጣም።

የሽንኩርት ሾርባውን ስሠራለት ሕይወቱን ያወራልኝ ነበር። አባቱ የቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ተጫዋች ነበሩ። በወጣትነቱ ፓሪስ ሄዶ ለአንድ ስመ ጥር ደራሲ የፊልም ሙዚቃ ሲጽፍ፣ ፊልሙ ላይ የወጣው የሰውየው ስም ብቻ ነበር። በኋላ ራሱም ታወቀ፣ ብዙ ፊልሞች ሠራ፤ ከዚያ ዘመኑ ተለወጠና ስልኩ መጮኹን ተወ። እኔ በደረስኩበት ጊዜ አንድ ዳይሬክተር አስታውሶት ሥራ ሰጥቶት ነበር፤ እሱ ግን ፒያኖው ፊት ተቀምጦ ምንም አይመጣለትም።

በረዶው ቀልጦ ከጣሪያው በሚንጠባጠብበት ሰሞን አንድ ቀን ካሮት እየላጥኩ ሳንጎራጉር፣ ድገሚው አለኝ። ዜማውን መስፍን ሱዳን፣ ገዳሪፍ የስደተኞች መጠለያ ውስጥ፣ ከዘይት ቆርቆሮ በሠራው ክራር እንዳወጣው፣ ወባ እንደገደለው፣ ፎቶግራፍ እንኳ እንዳልቀረልን ነገርኩት። እያዜምኩለት በፒያኖ ተከተለኝ። ዓይኑ እንባ አቀረረ።

"የወንድምሽ ስም ይጻፋል" አለኝ። "ስም መነጠቅ ምን እንደሆነ እኔ አውቃለሁ።"

ለእናቴ ነገርኳት። ከዚያ ወዲያ ከቤተ ክርስቲያን በተመለስን ቁጥር ፊልሙ ደረሰ ወይ ትለኝ ጀመር።

በክረምቱ ብርድ፣ አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ሲኒማ ወሰድኳት። ለልጇ ተዝካር እንደምትሄድ ሁሉ ነጠላዋን ለብሳ ነበር። ዜማው ሲጀምር እጄን ያዘችኝ፤ እስኪያልቅም አልለቀቀችኝም። ፊልሙ አልቆ ሰው ሲወጣ እኛ ቁጭ አልን። ስሞቹ ከታች ወደ ላይ ይፈስሳሉ። እንግሊዝኛ ስለማታነብ በክርኗ ትነካካኛለች።

"ደረሰ?"

"ገና ነው እማዬ።"

መብራቱ በራ።

"የለም እማዬ፤ አልጻፉትም" አልኳት።

ነጠላዋን አስተካከለች። "ልጄን ሁለቴ ቀበርኩት" አለች።

ሰኞ ጠየቅሁት። ቀና ብሎ አላየኝም። የፊልሙ ባለቤቶች አንድ ስም ብቻ ነው የፈለጉት አለ፤ ቀጥሎም፣ አንቺ ያመጣሽልኝ ጥሬውን ነው፣ ሙዚቃ ያደረግሁት እኔ ነኝ አለኝ።

"ፓሪስ ያለው ሰውዬም እንዲህ ነበር ያለዎት?" አልኩት።

ሾርባውን ምድጃው ላይ ትቼ ወጣሁ። ቀጣሪዎቼ ብሉሚንግተን ሌላ ሕመምተኛ ሰጡኝ፤ ወደሱ ግን ዳግም አልሄድኩም።

ሩት ታሪኩን ስትሰማ፣ ለምን ሬዲዮ ጣቢያው ደውለሽ አትነግሪያቸውም አለችኝ በእንግሊዝኛዋ። ምን ብዬ? ዜማውን ከመስፍን አፍ የሰማች ሌላዋ ምስክር እናቴ ነበረች፤ እሷንም ቀብረናታል። ሰውየውን ይቅር አላልኩትም፤ ሞቱም አላለዘበኝም። ይበልጥ የሚያንገበግበኝ ግን ሌላ ነው። ድምፄ ሻክሯል፤ የዜማውም መሐል መሐሉ ጠፍቶብኛል። መስፍን ሲናፍቀኝ የዚያን ሰው ፊልም ከመክፈት ሌላ መስሚያ የለኝም።