የለምሊያ ሁለተኛ ግማሽ

ቁልፍ ሠሪው አራስ ሚስቱን ከነልጇ ቤት ውስጥ ቆልፎባት፣ ቁልፉን ቱቦ ውስጥ ጣለው ተብሎ የተወራው ውሸት ነው። ጥሩ ወሬ ነበር፤ ቱቦዋ ራሷ ምን የመሰለች ጭማሪ ነበረች! ግን ውሸት ነው። የተቆለፈበት እሱ ራሱ ነው። ሱቁ ገባ፣ ከውስጥ ቀረቀረ፣ ዝም አለ። እኛም ደጁ ላይ ተሰብስበን ተያየን። ሌላ ሰው ቢሆን ቁልፍ ሠሪ እንጠራ ነበር። ቁልፍ ሠሪው ሲቆለፍበት ማን ይጠራል?

ሰውየውን በስሙ የሚጠራው የለም። «ማነው» ነው የምንለው። በሩ ሲንኳኳ «ማነው?» ይላል፣ እንደ ማንም ሰው። «እኔ ነኝ» ስትለው «አንተ ማነህ?» ይላል። ስምህን ስትነግረው «ምን ፈልገህ?» ይላል። ሟች እናቱ በሕይወት ሳሉ አንድ ቀን አንኳኩተው «እናትህ ነኝ» ቢሉት «የማን እናት?» አለ ይባላል። እሱ ግን «ድምጿ ጉንፋን ይዞት ነበር» ብሎ ይሟገታል።

ሥራውም ቢሆን ጠባዩን አልረዳውም። ሰው ተጨማሪ ቁልፍ ሊያስቀርጽ ሲመጣ ዝም ብሎ አይቀርጽም። ሞረዱን ይዞ ቀና ይልና «ለማን ነው?» ይላል። «ለባለቤቴ» ያለውን ሰው ከእግር እስከ ራሱ ያየዋል። «ለእህቴ ልጅ» ያለውን ደግሞ ከራሱ እስከ እግሩ። ጓጉንቸር ሲቆልፍ የቁልፉን ቀዳዳ ወደ ግድግዳ አዙሮ ነው፤ አላፊ አግዳሚ አይቶ ልክ እንዳይወስድ። ቀዳዳ በዓይኑ የሚለካ ሌባ አይተን አናውቅም፤ እሱ ግን አንድ ቀን ይመጣል ብሎ ይጠብቀዋል።

ሚስቱ ልብስ ሰፊ ናት። የተዋወቁት አልከፈት ያላትን ጓጉንቸር ከነሳጥኑ አሸክማ ስትመጣ ነው።

«የራስሽ ለመሆኑ በምን አውቃለሁ?» አላት።

«ክፈተውና እይ። ትልቅ መቀስ፣ ሰማያዊ ክር፣ ግማሽ ብስኩት አለበት።»

ከፈተው። መቀሱ አለ፣ ክሩ አለ፣ ብስኩቱ የለም።

«ብስኩቱስ?» ብሎ አፈጠጠባት።

«ውይ! በልቼዋለሁ ለካ። ታዲያ ልታስረኝ ነው?»

ሳቀ። ሲስቅ ያየነው ያን ቀን ነው፤ ጥርስ እንዳለውም ያወቅነው ያን ቀን ነው። እሱ የበር ቁልፍ፣ እሷ የልብስ ቁልፍ፣ በቁልፍ ተጋቡ አልን። ብዙ ጊዜ ልጅ ሳይወልዱ ቆዩ። እዚህ ላይ ሰፈሩ ያለውን ሁሉ ብጽፍ ወረቀቱ አይበቃም፤ ልለፈው።

በመጨረሻ አረገዘች። ምጥ የጀመራት ቀን ባለታክሲው ጎረቤታችን መኪናውን አስነሣ፤ ባልና ሚስት ከኋላ ተቀመጡ። መንገዱን እኩሌታ እንደሄዱ ማነው ኪሱን ዳበሰ።

«በሩን ቆልፌዋለሁ?»

«ቆልፈኸዋል» አለች ሚስቱ ጥርሷን ነክሳ።

«ስቆልፍ አይተሻል?»

«የኔ ጌታ፣ እኔ አሁን በር ነው የማየው?»

«እናንተ ቀጥሉ፣ አሁን እደርሳለሁ» ብሎ ወረደ። በሩ ተቆልፏል። ከፍቶ ገባ፣ የውስጡን አየ፣ መልሶ ቆለፈ። ከግቢው ሲወጣ የማድ ቤቱ መስኮት ትዝ አለው፤ ተመለሰ። ማዋለጃው ሲደርስ ልጅቷ ተወልዳ፣ ታጥባ፣ ተጠቅልላ ጠበቀችው። ይህን ታሪክ ሱቁ ለሚመጣ ሁሉ ራሱ እየሳቀ ነበር የሚያወራው። «ተቆልፎ ነበር እኮ!» ይላል። ሰውም አብሮት ይስቅ ነበር። ሚስቱ ስትስቅ ግን አልታየችም። ይህን ያስተዋለችው አክስቴ ናት። የአክስቴና የእነሱ ቤት ግድግዳ አንድ ነው፤ ግድግዳው ስስ፣ የአክስቴ ጆሮ ሰፊ። ከዚህ በኋላ ከምጽፈው አብዛኛው በዚያ ግድግዳ በኩል የመጣ ነው።

አሁን ወደ ስሙ። በልብስ ሰፊዋ ቤተሰብ ስም የሚወጣው ተዋጥቶ ነው። አባት ግማሽ ያመጣል፣ እናት ግማሽ ታመጣለች፣ ይገጣጠማል። አንዱ የሌላውን ግማሽ «ከየት አመጣኸው?» ብሎ አይጠይቅም፤ ነውር ነው። አንዷ እህቷ ከአያቷ ስምና ከአንዲት ጥሩ ትታለብ ከነበረች ላም ስም የተሰፋች ናት ይባላል። ማን ጠይቆ! ባሏ እንኳ አልጠየቀም፤ በደስታ ነው የሚጠራት።

ማነው ከእናቱ ስም ፊተኛውን ቆርጦ አመጣ፦ «ለም»። ሚስቱ «ሊያ» አለች። ተገጠመ፦ ለምሊያ። ሰፈሩ ወደደው። ለም እንደ መሬት ነው፣ የዘሩበትን የማይከዳ። ሊያ ትርጉሙ ይህ ነው የሚል አልተገኘም፤ ቢሆንም አክስቴ «አፍ ላይ ይሟሟል» አለች። ልብስ ሰፊዋ ደግሞ አልጋዋ ላይ ሆና ለጠያቂዎቿ እንዲህ ታሳያለች፦ «እስቲ ‹ለም› በሉ። ከንፈራችሁ ገጠመ አይደል? አሁን ‹ሊያ› በሉ። ተከፈተ! ልጄን ስጠራ ፈገግ ብዬ ነው የምጨርሰው።» ጠያቂው ሁሉ እየተነሣ በየመንገዱ «ለም... ሊያ» እያለ ከንፈሩን ሲሞክር ይታይ ነበር።

ማነው ብቻ አልሞከረም። እሱን የያዘው ሌላ ነው። ሊያ ማናት?

የሚስቱ እናት ሊያ አይደሉም። እህቶቿ አይደሉም። ደንበኞቿን አንድ በአንድ አሰበ፤ የለችም። መጠየቅ ደግሞ ነውር ነው። ሰውየው ዕድሜውን ሙሉ የተዘጋ ነገር ከፍቶ የሚበላ፣ ቤቱ ውስጥ አንድ የማይከፈት ነገር ተቀመጠበት። «የሆድ ነገር ሆድ ይቆርጣል» ይባላል፤ እሱን እንቅልፉንም ምግቡንም ቆረጠው። ልጅቷን መጥራት ሲኖርበት ግማሿን ብቻ መጥራት ጀመረ። «ለም! ነይ ወደ አባ! ለም!»

ሚስቱ መጀመሪያ ሳቀች። ከዚያ አንድ ጠዋት፣ ልጅቷን እያጠባች፣ በስሱ ግድግዳ በኩል ጥርት ብሎ የተሰማውን ተናገረች።

«እሑድ ያንተም የኔም ዘመዶች ይመጣሉ። ስሟን በሁሉም ፊት አንተ ነህ የምትጠራው። ሙሉውን። ግማሽ ስም ያላትን ልጅ ግማሽ አባት ያሳድጋታል ማለት ነው፤ እኔ ደግሞ ግማሽ አባት አልፈልግም። እህቴ ዘንድ ክፍል አለ።»

«ይሄን ያህል?»

«ይሄን ያህል።»

በዚህ ጊዜ ነው ሰፈሩም መጠርጠር የጀመረው። ጥርጣሬ እንደ ጉንፋን ነው፤ አንዱ ካስነጠሰ ሁሉም መሐረብ ይፈልጋል። አክስቴ «የድሮ ወዳጇ እህት ትሆናለች» አለች። ወዳጅ እንደነበራት በምን አወቅሽ ብላት «ሊያ ካለች ወዳጅ ሳይኖር ይቀራል?» ብላ ዘጋችኝ። ዳቦ ጋጋሪው ጭራሽ ያዋለዳት ሐኪም ሚስት ናት አለ። ይህን ሁሉ ሁላችንም ሰማን፤ ማነው ግን አልሰማም። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው።

እሱ የራሱን ፍለጋ ይዟል። መጀመሪያ የያዘው ባለታክሲውን ነው። መኪናውን ሲያጥብ አጠገቡ ቆመ።

«ሚስትህ ማን ነበር የምትባለው?»

«ረስተኸው ነው? ሠርጌ ላይ ነበርክ እኮ።»

«እናትህስ?»

«ምነው?»

«እህት አለችህ?»

ባለታክሲው ጨርቁን ባልዲው ውስጥ ወረወረው። «ስማ ማነው፣ ቤተሰቤን ልትድርልኝ ነው ወይስ ልትከስልኝ? አንዱን ምረጥ!»

ከዚያ ማዋለጃው ሄደ። አዋላጇን ኮሪደሩ ላይ አስቁሞ፣ ድምጹን ዝቅ አድርጎ፣ እዚህ ሊያ የምትባል ሐኪም ወይም አዋላጅ አለች ወይ ብሎ ጠየቃት።

«ከሐኪሞቹም ከእኛም የለችም። ምን ፈልገህ ነው?»

ይህቺን ጥያቄ ሌላውን ይጠይቃል እንጂ እሱ ተጠይቋት አያውቅምና ተንተባተበ። ወለል የምትወለውል ሴትዮ እግሩ ሥር ደርሳ ነበር። «እግርህን አንሣልኝ ወንድሜ» አለችው። አነሣ። «ቀስ ብለሽ፣ ጫማዬን!» አላትና ወጣ።

ቤቱ ሲገባ ሚስቱ ልጅቷን አቅፋ አክስቴ ዘንድ ሄዳ ነበር። ክፍሉን ሲቃኝ ዓይኑ የስፌት ሳጥኗ ላይ አረፈ። ያው የድሮው፣ የብስኩቱ ሳጥን። ከተጋቡ ወዲህ ተቆልፎ አያውቅም። አሁን ትልቅ ጓጉንቸር ተንጠልጥሎበታል።

ሰውየው ምን ያድርግ? እውነት ነው፣ ማለፍ ይችል ነበር። ዓሣም ከውኃው መውጣት ይችላል። ተንበረከከ፣ ቀጭኗን ሽቦ አወጣ፣ ጓጉንቸሩ ገና ሳይነካ ጠቅ አለለት። ክዳኑን አነሣ።

ምንም የለም። መቀስ የለም፣ ክር የለም፣ የጨርቅ ቁራጭ እንኳ የለም። ታችኛው ጣውላ ተጠርጎ ነጥቷል። እጁን ሰዶ ማዕዘኖቹን ዳበሰ፤ ድርብ ጣውላ ይሆን ብሎ አንኳኳ። አሁንም ምንም። ዘጋው፣ ቆለፈው፣ ጉልበቱን አራገፈ፣ ወንበር ላይ ተቀምጦ ግድግዳ የሚያይ ሰው ሆነ።

ሚስቱ ገባች። ሳጥኑን አየች፣ እሱን አየች።

«አገኘኸው?»

«ምኑን?»

«ባዶውን።»

«ምን እያልሽ ነው?»

«ጓጉንቸሩን እኔ ስተወው አፉ ወደ እኛ ነበር። አሁን ወደ ግድግዳ ዞሯል። እንደዚያ የሚቆልፍ አንድ ሰው ብቻ አውቃለሁ።»

አክስቴ እዚህ ላይ ትንፋሿን ያዘች። ብርጭቆ ግድግዳው ላይ ለጥፌ ነበር ብላ አታምንም፤ ብርጭቆው ግን ጆሮዋ ላይ ክብ ምልክት ትቶ ነበር።

«ባዶ ሳጥን ነው የቆለፍኩት» አለች ልብስ ሰፊዋ። ድምጿ አልጮኸም። «ታልፈው እንደሆነ ለማየት። አላለፍከውም። እንግዲህ የቤተሰቤን ወግ እኔው ላፍርስልህ፤ ስማ። የዚያን ቀን ባለታክሲው በር ላይ አወረደኝና መኪናውን ሊያቆም ሄደ። ኮሪደሩ ላይ ብቻዬን ነበርኩ። አልቻልኩም። የምይዘው ፈለግሁ፤ ግድግዳ ነው ያለው፣ ግድግዳ ደግሞ አይያዝም። የምትወለውለዋ ሴትዮ መወልወያዋን ጣለችና ከኋላ አቀፈችኝ። እዚያው ቁጭ አለች፣ እርጥቡ ወለል ላይ፣ እኔን ጭኗ ላይ አድርጋ። እስኪደርሱልኝ ‹አለሁ፣ አለሁ› ነበር የምትለኝ። ስሟን ጠየቅኳት። ሊያ አለችኝ።»

ማነው ወንበሩን ወደ ኋላ ገፋ።

«የት ነበርክ ብዬህ አላውቅም። ሳትጠይቀኝ ብትጠራት፣ አድጋ ስትጠይቀኝ ‹አንዲት ደግ ሴት ነበረች› ብዬ እዘጋው ነበር። አንተ እንዳታፍር ብዬ ነው የደበቅኩት። እምቢ አልክ። በል እንግዲህ፣ ተከፈተልህ።»

ሰውየው ተነሣ፤ ሱቁ ሄደ፤ ከውስጥ ቀረቀረ። ወሬው የተነሣው ከዚህ ነው።

እኛ ደጁ ላይ ቆመናል። ባለታክሲው አንኳኳ፤ መልስ የለም። ዳቦ ጋጋሪው አንኳኳ፤ መልስ የለም። ያስፈራን ዝምታው አይደለም፤ በሩ ተንኳኩቶ «ማነው?» አለመባሉ ነው። አንዳንዱ ሰው ታሟል አለ፤ አክስቴ ሞቷል ብላ ነጠላዋን አስተካከለች።

ልብስ ሰፊዋ ልጅቷን ታቅፋ መጣች። ገለል አልንላት። በሩን አላንኳኳችም፤ አፏን ወደ ቀዳዳው አስጠጋች።

«ማነው አትልም እንዴ?»

ዝም።

«እሺ፣ እኔ ልበልህ። እቅፌ ላይ ያለችው ማናት? እሑድ እስኪደርስ አልጠብቅም። አሁን ንገረኝ፤ ካልሆነ ከዚህ ቀጥታ እህቴ ዘንድ ነኝ።»

ባለታክሲው የመኪናውን ቁልፍ ከኪሱ ሲያወጣ ተሰማ። ልጅቷ አዛጋች።

«ለም...» አለ ከውስጥ። ከንፈሩ ገጠመ። ረጅም ጊዜ እንደገጠመ ቆየ። እዚያ የቆምነው ሁሉ ሳናውቀው ከንፈራችንን ገጥመን እየጠበቅን ነበር።

«...ሊያ» አለ።

መወርወሪያው ተነሣ።

እሑድ ቤቱ ሞላ። ስሟን በሁሉም ፊት ሙሉውን ጠራ፤ ትንሽ ፈጥኖ ነው የጠራው፣ ግን ሙሉውን። ከዚያ በሩ ተንኳኳና ማነው ከልማዱ «ማነው?» አለ። «እኔ ነኝ፣ ሊያ» የሚል ድምጽ መጣ። «አንቺ ማነሽ?» አላለም፤ ከፈተ። ያቺ እግርህን አንሣልኝ ያለችው ሴትዮ ናት፤ ልብስ ሰፊዋ ነበረች የጠራቻት። እሷም አወቀችው፤ ዓይኗ በቀጥታ ጫማው ላይ ወረደ።

ከልብስ ሰፊዋ አጠገብ አስቀመጧት፣ ልጅቷን አስታቀፏት። ያን ቀን የሆነውን ንገሪን አሏት፤ ነገረች። መወልወያው ተሽከርክሮ የሐኪሙን እግር መታ ስትል ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ወለሉ ላይ የተቀመጡትን ስታወራ ግን አክስቴ አለቀሰች። ልብስ ሰፊዋ የሴትዮዋን እጅ ይዛ ነበር፤ አልለቀቀችም።

ማነው በሩ አጠገብ ቆሟል። እንግዶቹን አየ፣ ሴትዮዋን አየ፣ ሚስቱን አየ።

«በሩ ግን» አለ፣ «ያን ቀን ተቆልፎ ነበር።»

ይህን ጊዜ ግን የሳቀ የለም።