ከበሩ ጀርባ የነበሩት እናት

ይህ የደረሰብኝ ካቻምና፣ ክረምት ሊገባ ሲል፣ ሐረር ጁገል ውስጥ ፈላና በር አካባቢ ነው። የሰፈሩ ሰው ታሪኩን በደስታ ነው የሚያወራው። እኔ ግን ደስታው እስካሁን አልተሰማኝም። ምክንያቱን ለማንም አውርቼው አላውቅም።

ሥራዬ እንጨት ነው። አቦከር ሰፈር ውስጥ ከአንድ ባልደረባዬ ጋር ትንሽ ወርክሾፕ አለን። በዚያ ሰሞን በባትሪ የሚሠራ፣ በሐዲድ ላይ እየተንሸራተተ የሚቆርጥ መጋዝ ገዝተን ነበር። ሐዲዱን እንጨቱ ላይ በሞርሳ ታስራለህ፣ ዲስኩ ምን ያህል እንዲጠልቅ በሚሊ ትለካለህ፣ ከዚያ ስትገፋው ሳይዛነፍ ቀጥ ብሎ ይሄዳል። መብራት ሲጠፋ እጃችንን አጣጥፈን መቀመጥ ለሰለቸን ሰዎች ትልቅ ነገር ነበር።

የዚያን ቀን አንድ ቤት የኩሽና ካቢኔ ስገጥም ዋልኩ። ከአስር ሰዓት በኋላ ዕቃዬን እየሰበሰብኩ ሳለ አንዲት የጎረቤት ሴት እየሮጠች ገባች። ኢክራም ትባላለች። እናቷ እማማ ዘይነብ መታጠቢያ ቤት ውስጥ ወድቀዋል፣ በሩም አልከፈት ብሏል አለች። መጋዙን ከነሐዲዱ ይዤ ተከተልኳት።

በሩ ወደ ውስጥ የሚከፈት፣ ከወፍራም የዋንዛ ሳንቃ የተሠራ ነው። እማማ ዘይነብ ወድቀው ከበሩ ሥር ስለተቀመጡ በሩን ሰውነታቸው ይዞታል። ትንሽ ገፋ ስናደርገው ከሆዳቸው የሚወጣ ጩኸት ጮኹ። ዳሌያቸው ተሰብሯል ብለን ተውነው። ማጠፊያው በውስጥ በኩል ስለሆነ መፍታት አይቻልም። መስኮቱ ጭንቅላት አያስገባም። አምቡላንስ ተደውሎ ነበር፤ ወደ ገጠር ወጥቷል ተባለ። ቢመጣስ በሩን ምን ያደርገዋል?

የበሩን የላይኛውን ግማሽ ቆርጬ ላወጣው ወሰንኩ። ውፍረቱን ለማወቅ በዚያው አናጢ የተሠራውን የጎን ክፍል በር ጠርዙ ላይ ለካሁት። ዲስኩ ከሳንቃው ወዲያ እንዳያልፍ ጥልቀቱን ከዚያ ትንሽ አሳነስኩ። የሚቀረውን ስስ እንጨት በመሮ እሰብረዋለሁ ብዬ ነው።

«እማማ፣ ጭንቅላትዎ ያለበት ጋ በሩን በእጅዎ ይምቱልኝ» አልኳቸው።

መቱ። ዝቅ ያለ ቦታ ነው፤ ተቀምጠዋል። ከዚያ አንድ ክንድ ያህል ከፍ አድርጌ የታችኛውን መስመር በእርሳስ አሰመርኩ።

በሩ ቆሞ ስለሆነ ሞርሳው ሐዲዱን በደንብ አልያዘልኝም። ከሶፊ ገጠር ማንጎ ይዞ ለኢክራም ቤት ሊያደርስ የመጣ አብዲ የሚባል ገበሬ ግቢው ውስጥ ቆሞ ነበር። ማንም ሳይጠራው መጥቶ ሐዲዱን በሁለት እጁ ከበሩ ጋር አጣበቀው። እኔ ላዩን ቆረጥኩ፤ ከዚያ የቀኙን ጎን፣ ከዚያ የግራውን። የግራውን እንደጨረስኩ መጋዙ ዝም አለ። ቀኑን ሙሉ የሠራሁበት ባትሪ አለቀ።

በዚያ ሰዓት ሰፈሩ መብራት ጠፍቶበታል። ሁለተኛው ባትሪ ወርክሾፕ ነው። ለባልደረባዬ ደወልኩለትና በባጃጅ እመጣለሁ አለኝ። የእጅ መጋዝ እንዳልጠቀም ጫፉ ወደ ውስጥ ይገባል። በመጥረቢያ እንዳንሰብረው ስንጥሩ እሳቸው ላይ ይወድቃል። ያ ሁሉ ልክ፣ ያ ሁሉ ጥንቃቄ፣ የታችኛው መስመር ብቻ ሲቀር ቆመ። መሬት ተቀምጬ ጀርባዬን ግድግዳው ላይ አስደገፍኩ። ኢክራም ዱዓ ታደርጋለች። አብዲ መጋዝ የሌለበትን ሐዲድ አሁንም እንደያዘ ነው። ልቀቀው አልኩት፤ አለቀቀም።

እማማ ዘይነብ ማን እንደሆንኩ ጠየቁኝ። አናጢው ነኝ አልኳቸው። የማን ልጅ እንደሆንኩ ጠየቁ። የእናቴን ስም ስነግራቸው ቤታችንን አወቁት። ግቢያችሁ ውስጥ ትልቅ የዘይቱን ዛፍ ነበረ አይደል አሉኝ። ተቆርጧል አልኳቸው። አዘኑ። ዘይቱን ለምን ይቆረጣል ብለው ተቆጡኝ። እኔም የመንገድ ሥራ መጥቶ ነው እያልኩ፣ እንደ ጥፋተኛ አስረዳቸው ጀመር። ድምፃቸው እየቀነሰ ሄደ። ብርድ ብርድ ይለኛል አሉ። ከዚያ ዝም አሉ።

ጠራኋቸው። ኢክራምም ጠራቻቸው። መልስ የለም። በመሃል ከበሩ ወዲያ የሚሳብ ነገር ሰማሁ፤ ልብስ እንጨት ላይ ሲፋተግ ዓይነት። ጆሮዬን ለጠፍኩ። ምንም የለም።

ባልደረባዬ ባጃጁን ፈላና በር ጋ ትቶ በጠባቡ መንገድ እየሮጠ ደረሰ። ባትሪውን ከተትኩ። ሐዲዱን በእርሳሱ መስመር ላይ አስተካከልን። ከዚያ እጄ ቆመ።

ሲመቱልኝ የነበሩት ዝቅ ብለው ነው። አሁን የት እንዳሉ አላውቅም። ያ የሰማሁት ድምፅ ወደ ጎን መውደቃቸው ይሁን፣ መነሳታቸው ይሁን አላውቅም። ካልቆረጥኩ እዚያው ያልቃሉ። ከቆረጥኩ ደግሞ... ኢክራምን አየኋት። እናትሽ ናቸው፣ አንቺ ንገሪኝ ማለቴ ነበር፤ በአፌ ግን አላልኩትም።

«ቁረጥ» አለችኝ። ፊቷን አዞረች።

ቆረጥኩ። መጋዙ እንደወትሮው ቀጥ ብሎ ሄደ። መሃል ላይ ስደርስ ድምፁ ትንሽ ተለወጠ፤ አየር እንዳገኘ ዓይነት። በእጅ የተላገ ሳንቃ ስለሆነ እዚያ ላይ ሳስቶ ነበር። ቶሎ አነሳሁት። መሮ አስገብቼ ሳንቃውን ወደ እኛ ፈልቅቄ አወጣሁት።

ፊታቸው እዚያው የቆረጥኩበት ጋ ነበር። መቀርቀሪያውን ይዘው በአንድ እግራቸው ራሳቸውን ስበው አንስተው፣ ግንባራቸውን በሩ ላይ አስደግፈው ነበር። ዓይናቸው ተከድኗል። ሊረዱን ነበር መሰለኝ የተነሱት። አብዲ እጁን አሳልፎ ብብታቸውን ባይዝ ኖሮ መልሰው ይወድቁ ነበር። ከዚያ ያ ቀጭን ሰው በክፍተቱ ተሻግሮ ገባና ወደ ጎን አስተኛቸው፤ በሩም ተከፈተ። እየተነፈሱ ነበር። ሰዉ አልሐምዱሊላህ እያለ ተንጋጋ።

በብርድ ልብስ ተሸክመናቸው እስከ መኪና መንገድ ወጣን። መንገድ ላይ ሻሻቸው ወደ ኋላ ሲንሸራተት ኢክራም ልታስተካክለው ጎንበስ አለች። ግንባራቸው ላይ በሚያርፈው በኩል ጨርቁ ቀጥ ብሎ ተቆርጧል። ጣት የሚያህል፣ ጠርዙ እንኳን ያልተተለተለ። ከሥሩ ቆዳቸው ደህና ነው። ኢክራም አየችው፤ እኔም አየሁት። አጥፋ ወደ ውስጥ አስገባችው። የያዝኩትን የብርድ ልብስ ጫፍ ለባልደረባዬ ሰጠሁት።

እማማ ዘይነብ ድነዋል። ዳሌያቸው ታክሞ አሁን በምርኩዝ ይሄዳሉ። ከወደቁ በኋላ የሆነውን ምንም አያስታውሱም፤ ዘይቱኑንም፣ እኔን መቆጣታቸውንም። ልጃቸው የነገረቻቸውን ብቻ ነው የሚያውቁት። የነገረቻቸው ደግሞ አንድ ጎበዝ አናጢ በሚሊ ለክቶ አወጣዎት ብላ ነው።

በዚያ በኩል ሳልፍ ካዩኝ ሳይጠሩኝ አይቀሩም። እጃቸውን ዘርግተው ይመርቁኛል፣ ዕድሜዬን ይስጥህ ይሉኛል። ኢክራም አጠገባቸው ከሆነች መሬት መሬቱን ታያለች። እኔ አሜን እላለሁ። ግንባራቸውን ላለማየት እየታገልኩ፣ ሥራ አለብኝ ብዬ ቶሎ እሄዳለሁ።