አበልጄን በደመወዝ ደረጃ የከሰስኩ ጊዜ

አባቶቼ በርስት ሲሟገቱ አርጅተዋል። እኔ የምሟገትበት ርስት ስላልተረፈኝ በደመወዝ ደረጃ ተሟገትኩ። የመንዝ ሰው ሙግት ካጣ የበላው አይረጋለትም፤ የእኔ ሆድ ደግሞ ድሮም ደካማ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ዕድሜዬን ሙሉ በዘመሮ ዙሪያ ከብት ስከትብ ኖሬ፣ ጡረታዬ በር ላይ ሲደርስ የሥራ መደቦች እንደ አዲስ ተመዘኑ። ምደባው ሲለጠፍ ራሴን ከእንስሳት ጤና ባለሙያዎቹ ተርታ ፈለግሁ፤ የለሁም። ዓይኔን ወደ ታች ባወርድ ከበረት ጠባቂዎች ጋር ቁጭ ብያለሁ። ያልረገጠኝ በቅሎ በሌለበት አገር! ጡረታዬ የሚታሰበው በዚያው ደመወዝ ስለሆነ፣ ዝም ካልኩ እስክሞት በረት ጠባቂ ሆኜ መቅረቴ ነው። ቅሬታ ሰሚዎቹ «አይሆንም» ሲሉኝ ደብረ ብርሃን ድረስ ይግባኝ አልኩ።

መሥሪያ ቤቱን ወክሎ እንዲከራከረኝ የታዘዘው የሰው ኃይል ኃላፊው ነበር፤ አበልጄ፣ ልጄን ክርስትና ያነሣልኝ ሰው።

የቀጠሮው ዕለት ማለዳ ባለቤቴ በሶውን ለሁለት ቋጠረች።

«አንዱ የማን ነው?» አልኳት።

«የአበልጃችን ነዋ። ቢከራከርህስ፣ አይርበውም?»

አውቶቡሱ ውስጥ የቀረው ቦታ ከእሱ ጎን ብቻ ሆነ። ቀጭን ኮት ለብሶ ይንቀጠቀጣል። ላኮርፈው ቆርጬ ነበር፤ የመንዝ ብርድ ግን ኩርፊያ አያስጨርስም። የሱፍ ባናዬን ገልጬ ግማሹን አለበስኩት። ከፊታችን የተቀመጡ ባልቴት ዞር አሉ።

«ወዴት ናችሁ ልጆቼ?»

«ወደ ችሎት» አልኩ።

«ማንን ከሳችሁ?»

«እሱን» አልኩ። «እኔን» አለ እሱም።

«እሰይ! ድሮ ከሳሽና ተከሳሽን በኩታ ጫፍ ይቋጥሯቸው ነበር። እናንተን ደግሞ ባና ቋጠራችሁ!»

ተሳፋሪው ሁሉ ሳቀብን።

ደብረ ብርሃን ችሎት ፊት መሥሪያ ቤቱ የጻፈው መልስ ተነቦ የእኔ ተራ ሲደርስ፣ በጎቼ ፊት ሳጠናው የሰነበትኩትን ንግግር ጀመርኩ። ባናዬን እንደ አያቶቼ በትከሻዬ ጥዬ «በላ ልበልሃ!» ብዬ ወለሉን ብረግጠው፣ ወጣቷ ዳኛ ሳቋን ዋጥ አድርጋ፣ «አባቴ፣ ጉልበትዎን ይቆጥቡ። ሥራዎ ምን እንደነበር ብቻ ይንገሩን» አለችኝ።

ንግግሬ ሁሉ ጠፋኝ። የቀረኝ የድሮው መንገድ ነው፤ ነገር ያለቀበት ሰው ባለጋራውን ያስምላል።

«አበልጄ በክርስትና ልጁ ይማል! በረት ጠባቂ ነበር ካለ ተረትቻለሁ!»

«እንዲህ ያለ ሥርዓት እኮ የለንም» አለች ዳኛዋ።

አበልጄ ግን ተነሥቶ ቆሟል። የያዘውን ወረቀት አጣጠፈው። «ክብርት ዳኛ፣ የመሥሪያ ቤቱን መልስ አንብቤያለሁ። እኔን ከጠየቃችሁኝ ግን፣ ክትባት በመጣ ቁጥር መሥሪያ ቤታችን የሚልከው እሳቸውን ነው። የእኔንም በሬዎች የከተቡ እሳቸው ናቸው።»

ከተዋወቅን ጀምሮ «እሳቸው» ብሎኝ አያውቅም። ዓይኔን ጠረግሁ፤ ጉንፋን አስመሰልኩት።

ከሰዓት በኋላ ደረጃዬ እንዲስተካከል ተወሰነ። ያንኑ ባና ተጋርተን ስንመለስ አበልጄ ተከዘ።

«ነገ አለቃዬን ምን እለዋለሁ?»

«አይዞህ፣ ከከሰሱህ ጠበቃህ እኔ ነኝ።»

«ከዚህስ እግዜር ያውጣኝ!» አለና ባናውን ጠቅልሎ ወደ ራሱ ስቦ ተኛ። እንዳልቀሰቅሰው አሳዘነኝ፤ እስከ ዘመሮ ጥርሴን እያንገጫገጭኩ ተጓዝኩ። የረታሁት እኔ፣ የሞቀው እሱ።