የአራሷ ጣሪያ፦ ከአሰላ እስከ ጢቾ

ከአሰላ የተነሳሁት በሚያዝያ ወር አንድ ማለዳ፣ የበልጉ ዝናብ መሬቱን ካራሰ በኋላ ነው። ሁለተኛዋ ልጄ አስካለ ጢቾ አጠገብ ካለ አንድ የገበሬ ማኅበር ተድራ ትኖራለች። የመጀመሪያ ልጇን፣ ሴት ልጅ፣ ወልዳ ተኝታለች። ወሬውን ያመጣልን የፈረስ ነጋዴ የምሥራቹን ነግሮን ሳይጨርስ፣ «መንደር ምሥረታው እነሱም ጋ ደርሷል። የአሮጌ ቤት ጣሪያ ሁሉ ይነሳል ተብሏል። አራስ ናት ብሎ የሚተዋት መኖሩን እንጃ» አለን።

ባለቤቴ አልማዝ ነጋዴውን ከሸኘች በኋላ ወደ እኔ ዞረች። «ተነስ፣ ሂድ። ሊቀመንበሩን ለምነው። በዚህ ብርድ ሜዳ ላይ ከተኛች ወይ እሷን ወይ ሕፃኗን አናገኛቸውም።» ጉዞዬ ይኸው ነው።

ከዚያ በፊት አንድ ነገር ልናገር። እኔ በዚህ መንግሥት ላይ ክፉ የምናገር ሰው አልነበርኩም። አያቴ ከሸዋ የመጣ ወታደር ነበር ይሉኛል፤ ያገኘው መሬት ግን አባቴ ዘንድ ሳይደርስ በክርክር አልቋል። እኔ ያደግሁት በጭሰኝነት ነው። አብዮቱ መጥቶ መሬት ላራሹ ሲባል ለምለም ቅጠል ይዤ አሰላ ከተማ ውስጥ የጨፈርኩ ሰው ነኝ። ፊደል የቆጠርኩትም ጠጉሬ ከሸበተ በኋላ በመሠረተ ትምህርት ነው። ስለዚህ ስሄድ ለመጣላት አልሄድኩም። ያ ያበላኝ መንግሥት ልጄን ዝናብ ላይ አያወጣትም ብዬ ነው የሄድኩት።

እስከ ሳጉሬ

ከማኅበራችን የይለፍ ወረቀት አወጣሁ። አልማዝ የአጃ ዱቄት በከረጢት፣ ለጋ ቅቤ በቅል አስያዘችኝ። የሳጉሬ አውቶቡስ ብር ከሃምሳ ያስከፍላል። ግራና ቀኙ ለበልግ የታረሰ ጥቁር መሬት ነው። ጭላሎ ደመና ለብሶ አናቱ አይታይም።

ሳጉሬ መግቢያ ላይ ኬላ አለ። ያን ጊዜ እህል ከቦታ ወደ ቦታ እንዳይሄድ ይጠበቅ ነበር፤ ገበሬ ኮታውን ለመንግሥት ሳያስገባ ለነጋዴ እንዳይሸጥ ነው። ጠባቂው ከረጢቴን በዱላ ነካ አደረገው።

«አባት፣ ይህ ምንድን ነው?»

«አጃ ነው ልጄ። ለአራስ።»

«ሁሉም ለአራስ ነው የሚለው። ትናንት አንዱ ሁለት ኩንታል ስንዴ ለአራስ ነው ብሎኛል።»

«እሷ መንታ ሳትወልድ አልቀረችም» አሉ ከኋላዬ ያሉ ሴትዮ። አውቶቡሱ በሙሉ ሳቀ፤ ጠባቂውም ሳቀና አለፈኝ።

ሳጉሬ ላይ ወደ ጢቾ የሚወጣ ኤንትሬ የጭነት መኪና ተገኘ። ለኅብረት ሥራ ሱቅ ጨውና ሳሙና ጭኗል። ጎማው ጎሚስታ ቤት ስለነበር እስኪለጠፍ ተቀምጠን የገብስ ቆሎ በላን። ሰው የሚያወራው ስለ መንደር ብቻ ነው። አንዱ፣ «እኛስ ገብተናል፤ ቧንቧ መጥቶልናል፣ ውሸት አልናገርም» ይላል። ሌላው፣ «እኛ ደግሞ ከእርሻችን ርቀን ዝንጀሮ ገብሳችንን እያጨደልን ነው፤ ያውም ኮታ ሳይከፍል» ይላል። ሁለቱም እውነታቸውን ይመስለኛል።

ገለማ ላይ

መንገዱ የገለማን ተራራ ያቋርጣል። ላይ ሲወጣ እርሻ ይቀርና አስታና ጅብራ ብቻ ይሆናል። ብርዱ ጆሮ ይቆርጣል። ጭነቱ ላይ ከሸራ ሥር ተጠጋግተን ተቀመጥን። ቁልቁል ስንወርድ፣ ሸለቆው ውስጥ ጣሪያ የሌላቸው ቤቶች አየሁ። ግድግዳቸው ክብ ሆኖ ቆሟል፤ በላያቸው ሰማይ ብቻ ነው። አጠገቤ የነበረው ሰውዬ፣ «ክዳኑን ወደ አዲሱ ወስደውት ነው። አገሩ ሁሉ በአንዴ ቤት ሲሠራ ሣር ከየት ይምጣ?» አለኝ። ያን ጊዜ ገባኝ። ጣሪያ የሚነሳው ለክፋት ሳይሆን ሣር ስላለቀ ነው።

ከሊቀመንበሩ ዘንድ

አስካለ ቤት ስደርስ ጣሪያው በቦታው አለ። እግዚአብሔር ይመስገን አልኩ። ቤቱ ምሰሶ እንኳ የሌለው ትንሽ ጎጆ ነው። አስካለ ከሕፃኗ ጋር ከመጋረጃ ጀርባ ተኝታለች፤ ድምጿን ሰማሁ። አማቼ ታደሰ ግን አንገቱን ደፍቶ ተቀምጧል። ነገሩ ለካ ከሰማሁት የባሰ ነው። ታደሰ የቀበሌው አብዮት ጥበቃ ነው። የሰዉን ጣሪያ ሲያስነሳ የሰነበተው እሱ ራሱ ነው።

«አባባ፣ ምን ላድርግ? የሰውን አፍርሼ የራሴን ልተው? ነገ ከክፍለ ሀገር እንግዶች መንደሩን ሊጎበኙ ይመጣሉ። በአዲሱ መንደር መስመር ላይ ክዳን የሌለው ለእኔ የተሠራው ቤት ብቻ ነው።»

አብረን ወደ አዲሱ መንደር ሄድን። ከወንዙ ማዶ ሜዳ ላይ ነው፤ ቤቶቹ እንደ ወታደር ተሰልፈዋል። ሊቀመንበሩ ኦቦ ቱሉ የአገሩ ተወላጅ፣ ሰው የሚያከብሩ ጎልማሳ ናቸው። ከሳቸው ጋር የቆመው ካድሬ ከሌላ ክፍለ ሀገር የተመደበ ወጣት ነው፤ እሱም ትሑት ነው፣ ወንበር ለቀቀልኝ።

«አባባ፣ እኛ የምንጠላዎት መስሎዎት እንዳይሆን» አለ ካድሬው። «ይመልከቱ፣ እዚያ ትምህርት ቤት ነው። ያ ክሊኒክ። ሰዉ በየጉድባው ተበትኖ ይህን ለማን እንስጠው? የልጅ ልጅዎ እኮ እዚህ ነው የምትማረው።»

ዞር ብዬ አየሁ። «የቱ ነው ትምህርት ቤቱ?»

«ችካሉ ተተክሏል።»

«ልጅቷም ገና ተኝታለች፤ ይደርሳሉ» አልኩ። ኦቦ ቱሉ ፈገግታቸውን በእጃቸው ሸፈኑ። ካድሬው ግን አልሳቀም። «ነገ እንግዶቹ ሲመጡ የአብዮት ጥበቃው ቤት ክፍት ከሆነ፣ ነገ ከነገ ወዲያ ሁሉም ምክንያት ያመጣል። ጠዋት ይነሳል» አለ። ደጋግሜ ለመንኩ፤ አልሆነም። ሽማግሌ ነኝና ጉልበቱን ልስም ጎንበስ ስል ደንግጦ ያዘኝ እንጂ ሐሳቡን አልቀየረም።

ስንቄ

ጠዋት ካድሬው፣ ኦቦ ቱሉና ገመድና መጥረቢያ የያዙ ወንዶች መጡ። እኛ ደጅ ቆመናል። ሰዎቹ ጥድፊያ አልነበራቸውም፤ አንዱ ሌላውን ይጠብቃል።

በዚህ መሀል ከላይኛው ቀዬ ሴቶች በሰልፍ ወረዱ። የአርሲ ሴት ስትዳር ከእናቷ የምትቀበለው ቀጭን ዱላ አለ፣ ስንቄ ይሉታል። እሱን ይዘዋል። ከፊት የምትመራቸው የአስካለ ጎረቤት አዴ ጫልቱ ናት። ቤቱን ከበቡና ስንቄያቸውን ከፍ አደረጉ። ልጄ ከእነሱ ወገን አይደለችም፤ ሃይማኖቷም ሌላ ነው። እነሱ ግን አራስ ናት ብለው ነው የመጡት። እኔ ክፍለ ሀገሩን አቋርጬ ስመጣ እነሱን ለመጠየቅ እንኳ አላሰብኩም ነበር።

ካድሬው ሊያልፍ አንድ እርምጃ ተራመደ። ኦቦ ቱሉ እጅጌውን ያዙት።

«ጓድ፣ አይሆንም።»

«ምን ማለትዎ ነው? ሴቶች ናቸው እኮ።»

«ስንቄ አይታለፍም። ካለፍክ ከዚህ ቀበሌ አንድም ወንድ መጥረቢያ አያነሳልህም። እኔም ጭምር። እናቴን እያቸው፣ በግራ በኩል ሦስተኛዋ ናቸው።»

እናታቸው ልጃቸውን አፍጥጠው እያዩ ነበር። ሊቀመንበሩ መሀል ላይ ቀሩ። በአንድ በኩል እንግዶቹ፣ በሌላ በኩል እናታቸው።

«አዴ ጫልቱ፣ ጣሪያው ዛሬ መነሳት አለበት» አሉ በልመና።

«ይነሳ!» አለች አዴ ጫልቱ። «ጣሪያ አይነሳ ማን አለህ? አራሷ ከጣሪያዋ ሥር አትወጣም ነው ያልነው።»

ኦቦ ቱሉ ተናደዱ። «ታዲያ ጣሪያውን ከራሷ በላይ ተሸክመን እንሂድልሽ?»

ሴትዮዋ ትንሽ አሰበችና፣ «አዎ። እንደሱ አድርጉ» አለች።

መጀመሪያ የሳቁት ወንዶቹ ናቸው። ሳቁ ሲያልቅ ግን እርስ በርስ ተያዩ። አንዱ ሽማግሌ ቤቱን ዞሮ አየና፣ «ምሰሶ የለውም። ትንሽ ነው። ይቻላል» አለ። ታደሰ ከሁሉም ቀድሞ መጥረቢያውን አነሳ።

የፊቱን ግድግዳ ነቀሉ። ክዳኑን ከግድግዳው የያዘውን ጠፍር በጠሱ፤ በሥሩ ረጃጅም አግዳሚ እንጨቶች አሻግረው አሰሩ። ሴቶቹ ጋቢ ዘርግተው አስካለን ከበቧት፤ ወንድ እንዳያያት ነው። «ካሳ!» አለ ሽማግሌው፣ አንሱ ማለቱ ነው። ጣሪያው ሲጢጥ እያለ ከግድግዳው ላይ ተነሳ። ወንዶቹ ዳር ዳሩን ተሸክመው፣ አራሷ ከመሀል ሕፃኗን ታቅፋ፣ ሴቶቹ በዙሪያዋ ስንቄያቸውን ይዘው ሄዱ። ዝናብ ያካፋ ነበር። ወንዙ ጋ ስንደርስ በአንድ በኩል ተሸካሚ አነሰና ጣሪያው አዘመመ። ካድሬው ኮፍያውን ኪሱ ከተተና ትከሻውን አስገባ። አንድም ሰው አላጨበጨበለትም። ከሴቶቹ አንዷ ብቻ፣ «ዝቅ አታድርገው፣ ሕፃኗ ላይ ይንጠባጠባል!» ብላ ጮኸችበት፤ እሱም ከፍ አደረገ።

አዲሱ ቤት ስንደርስ ሌላ ጣጣ መጣ። ግድግዳው በፕላን የተሠራ ነው፤ አራት ማዕዘን። ጣሪያው ክብ ነው። አስቀመጡት፤ አራቱ ማዕዘኖች እንደ ጆሮ ከውጭ ቀሩ። ማንም ይህን አላሰበውም ነበር፤ እኔም፣ ካድሬውም፣ ሽማግሌውም። ካድሬው ቆሞ ሲያየው ቆየና፣ «ሣር ሲገኝ ይስተካከላል» አለ። ኦቦ ቱሉ፣ «እሺ ጓድ» አሉ። አስካለን መሀል ላይ አስተኟት። ሴቶቹ ያመጣሁትን አጃ አጥሚት አድርገው ሰጧትና፣ እልል ብለው ወደየቤታቸው ሄዱ።

መመለስ

በዚያው ቀን ተመለስኩ። ገለማ ላይ የእንግዶቹ ላንድሮቨሮች ወደ ታች ሲወርዱ አገኘናቸው፤ ጭቃ ረጭተውብን አለፉ። ያን ቤት አይተው ምን እንዳሉ እስከ ዛሬ አላውቅም።

መንገድ ላይ ያሰብኩትን ልጻፍ። ይህ መንግሥት ሲመጣ መሬት የሰጠን እኛ የምንጮኸውን ሰምቶ ነው። ያን ጊዜ ጥያቄውም መልሱም የእኛ ነበር። አሁን መልሱን ይዞ ይመጣል፤ መልካም መልስ ሊሆን ይችላል፣ ትምህርት ቤት ማን ይጠላል? ግን ማን ምን እንደጠየቀ አይሰማም። ሲቆም የሚቆመውም ሕዝቡ ስላልፈለገ ሳይሆን፣ ሊቀመንበሩ እናቱን ስላየ ነው። እናቱ የሌለችበት ሊቀመንበር ቢሆንስ ኖሮ? ይህን ሳስብ ገለማ ላይ ካገኘኝ ብርድ የበለጠ በረደኝ።

አሰላ ስደርስ አልማዝ በር ላይ ጠበቀችኝ።

«ጣሪያዋን ተዉልህ?»

«አልተዉትም። ከነጣሪያዋ ወሰዷት።»

ሁሉንም ነገርኳት። ስቃም አልቅሳም ጨረሰችና፣ «ማዕዘኖቹስ?» አለች።

«ዝናብ ይገባባቸዋል።»

«እናትና ልጅስ?»

«መሀል ላይ ናቸው» አልኳት።